ከወንዙ ማዶ የወረደው በረዶ

ነገሩ የጀመረው ማክሰኞ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ገደማ ነው። ዘመን ከተለወጠ በኋላ፣ መስቀል ሳይደርስ፣ ገብሱ እሸት በያዘበት ሳምንት። ከጉና በኩል የተነሣ ጥቁር ደመና የሰማዩን ግማሽ ሸፍኖ ወደ እኛ ሲመጣ፣ እኔ እርሻ ዳር ቆሜ በሁለት እጄ ማይክሮፎን ይዤ ነበር። ማይክሮፎኑን ልያዝ ያልሁት ራሴ ነኝ። የሌላውን ድምፅ የሚይዝ ሰው የራሱን እንዲያሰማ አይጠየቅም ብዬ ነው።

እኔ የእስቴ ልጅ ነኝ፤ ተወልጄ ያደግሁት መካነ ኢየሱስ ነው። ያን ዓመት እንደ ጓደኞቼ ሁሉ የዩኒቨርሲቲ ትምህርቴን አቋርጬ፣ የአገልግሎት ዓመቴን በማስተማር እንዳሳልፍ ንፋስ መውጫ ተመድቤ ነበር። ትምህርት ቤቱ ገና አልተከፈተም። አንድ ቀን ፍልስፍና ያስተማሩኝ መምህር ካሜራ ከሚያነሣ ወጣት ጋር በጂፕ መጡና ስለ እምነትና ስለ አእምሮ፣ ሰው ሊያውቅ ስለሚችለውና ስለማይችለው ነገር አጭር ፊልም እየሠሩ እንደሆነ ነገሩኝ። አገሩን የሚያውቅ ረዳት ይፈልጋሉ። ቀደም ብለው ድጓ ወደሚማሩበት ወደ ቤተ ልሔም ገዳም ሄደው ከሊቃውንቱ ጋር ሲነጋገሩ ሰንብተዋል። አዛውንቱ ለእያንዳንዱ ጥያቄ ሌላ ጥያቄ እየመለሱ እንዳደከሟቸው እየሳቁ አወሩኝ።

«አሁን የምፈልገው የሚከራከር ሰው አይደለም» አሉ። «የሚሠራ ሰው ነው። እምነቱን በእጁ ሲሠራበት የሚታይ።»

እንዲህ ያለ ሰው መኖሩን የነገራቸው ሌላ ሰው ነው። ከንፋስ መውጫ ጥቂቱን በጂፕ፣ የቀረውን በእግር ተጉዘን በደረስንበት ሰበካ በረዶ የሚመልሱ ደብተራ አሉ። ክረምቱ ሊወጣ ሲል ደመና በመጣ ቁጥር ከእርሻው ራስጌ ካለች ጉብታ ላይ ወጥተው ያነብባሉ፤ በረዶው ያልፋል። ለዚህም በአውድማ ጊዜ እያንዳንዱ ገበሬ ከምርቱ ገብስ ይሰፍርላቸዋል። የራሳቸው መሬት ጥቂት ነው። በሬያቸውም አንድ ብቻ ስለሆነ ከጎረቤት በሬ ጋር እያቀናጁ ነው የሚያርሱት። ቤታቸው የሚኖረው ሰው በሚሰፍርላቸው ገብስ ነው ማለት ይቻላል።

ደብተራው ቀጭን፣ ጢማቸው የተከረከመ፣ ነጠላቸው እንዳይቆሽሽ የሚጨነቁ ሰው ነበሩ። ሰው ሲያያቸው ደስ ይላቸዋል። ካሜራ አንሺውን «የትኛው ጉንጬ ነው የሚታይህ?» ብለው ጠየቁት።

«ሁለቱም ይታያል መሪጌታ።»

«እንግዲያ ለግራው አድላ፤ በቀኙ ጥርስ የለኝም።»

ደመናው ሲመጣ ግን ቀልዱ ቀረ። አየሩ በአንድ ጊዜ ቀዘቀዘ። ገበሬዎቹ ከያሉበት መጥተው ከጉብታዋ ሥር ቆሙ። ደብተራው መቋሚያቸውን ተደግፈው፣ ዳዊታቸውን ገልጠው ማንበብ ጀመሩ፤ በመጀመሪያ ቀስ ብለው፣ በኋላ ነፋሱ ድምፃቸውን ሲወስድባቸው ጮክ ብለው። ጥቂት ፍሬ በረዶ እግራችን ሥር ወደቀ። አንዱ ጣቴን መታኝ። በዚህ ጊዜ መጽሐፉን በብብታቸው ሸጉጠው፣ በነጠላቸው ጫፍ ደመናውን ደጋግመው ገፉት፤ ሰው ከደጁ ላይ ከብት እንደሚያባርር። ነፋሱ ዞረ። ከወንዙ ማዶ ነጭ መጋረጃ የመሰለ ነገር ከሰማይ ወረደ፤ ድምፁ ባቄላ በደረቅ ቁርበት ላይ ሲፈስ የሚሰማውን ይመስላል። በእኛ በኩል ካፊያ ብቻ ጥሎ ቆመ።

«አለፈ» አሉ ደብተራው።

«እግዚአብሔር ይመስገን» አለ ሰው ሁሉ። እኔም አልሁ። ማይክሮፎን መያዜን ረስቼ ነበር።

በዚያ አገር ነገሩ የሚያበቃው እዚህ ላይ ነው። በረዶ መላሹ «አለፈ» ይላል፣ ሰው ያመሰግናል፤ ወዴት እንዳለፈ ግን አይጠየቅም፣ አይነገርምም። ይህን የሰማሁት በኋላ ነው። መምህሬም አያውቁም ነበርና ከካሜራው አጠገብ ሆነው «ወዴት ሄደ?» ሲሉ ጠየቁ።

ደብተራው ዳዊታቸውን ከብብታቸው አውጥተው ማኅደሩ ውስጥ ከተቱ።

«መሪጌታ፣ ለፊልሙ ይንገሩን እንጂ። በረዶውን ወዴት ሰደዱት?»

ከገበሬዎቹ መካከል አንድ ሽማግሌ ሳል የመሰለ ድምፅ አሰሙ። ደብተራው ወደ ሽማግሌው አዩ፤ ወደ ካሜራው አዩ፤ ከዚያ የግራ ጉንጫቸውን አዙረው እጃቸውን ዘረጉ።

«ያውልዎ! ወደ ማዶ ሰደድሁት።»

መምህሬና ካሜራ አንሺው ያረፉት በመንደሩ ሹም፣ በጭቃ ሹሙ ቤት ነበር፤ እኔ ሴት በመሆኔ በደብተራው ቤት አደርሁ። ገና ከጉብታዋ እንደወረድን ባለቤታቸው ደጃፍ ላይ ቆመው ጠበቁን።

«ምን ነካዎ? አባትዎ ያን ያህል ዘመን ሲያነቡ እንዲህ ያለ ቃል ወጥቷቸው ያውቃል?»

«ያ የፎቶ መኪና አፍጥጦብኝ ምን ልበል?»

«ዝም ይበሉዋ! በመኪና ፊት ዝም ያለ ሰው ይሞታል?» ከዚያ ወደ እኔ ዞረው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ልጄ፣ የእኔ የእናቴ ርስት ማዶ ነው። ዛሬ ያም ተመቷል። በየዓመቱ አንድ ቀን እዚህ፣ አንድ ቀን እዚያ ይወርዳል። 'አለፈ' ነው የሚባለው። 'ሰደድሁት' ያለ ሰው የሰደደበትን ቤት ማወቅ አለበት።»

ወሬው ወንዙን ለመሻገር አልዘገየም። በማግሥቱ ጠዋት ከማዶ አንድ ረጅም ገበሬ የተመታ ገብሱን አስሮ ተሸክሞ መጣና፣ አጥሩ ላይ ቆሞ ደብተራውን «በጃንሆይ አምላክ!» ብሎ ወደ ዳኛ ጠራቸው። በረዶ ሰደው እርሻዬን አጥፍተዋልና በሬያቸውን ይስጡኝ ነው የሚለው። አጥቢያ ዳኛው ለሐሙስ ቀጠሩ።

መምህሬ ደስ አላቸው። «እንዲህ ያለ ነገር ፈልጌም አላገኝ» አሉኝ። ደብተራው ግን ረቡዕን ሙሉ ከበሬያቸው አጠገብ አልተለዩም። አንገቱን ሲያኩለት፣ ቆዳው ላይ የተጣበቀ ነገር ሲለቅሙለት ዋሉ።

ሐሙስ ዕለት ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ውጭ፣ ከጥዱ ጥላ ሥር የሁለቱም ሰበካ ሰው ተሰበሰበ። ዳኛው ካሜራውን ሲያዩ «ይህ እዚህ አይከፈትም» አሉ። ካሜራ አንሺው አስቀመጠው።

ከሳሹ እጅ ነሥቶ የገብሱን እስር ከዳኛው እግር ሥር አኖረ።

«ማን መታህ?» አሉ ዳኛው።

«በረዶ።»

«በረዶን ጠርቼ ላምጣልህ?»

ሰው ሳቀ። ከሳሹ አልሳቀም። «በረዶውማ ተልኮ ነው የመጣ። ላኪው እኒህ ናቸው። በመኪናው ፊት 'ወደ ማዶ ሰደድሁት' ብለዋል። መኪናው ይመስክር።»

ዳኛው ወደ ካሜራ አንሺው ዞሩ። «ያየውን ይናገር እስቲ።»

«ፊልሙ ሳይታጠብ አይታይም፣ ጌታዬ።»

«እጠበዋ!» አለ አንድ ሰው ከኋላ። «ወንዙ ያው!»

«በውሃ አይደለም፣ በመድኃኒት ነው የሚታጠበው። ባሕር ማዶ ነው የሚላከው።»

«እንግዲህ ምስክርህ ባሕር ሊሻገር ነው» አሉ ዳኛው ለከሳሹ። «ሌላ አለህ?»

መምህሬ ሳይጠሩ ተነሡ። በረዶ እንዴት እንደሚሠራ፣ ነፋስ ደመናን እንዴት እንደሚነዳ በጥሩ አማርኛ አስረዱ። ሰው በጸጥታ ሰማቸው። ሲጨርሱ ከሳሹ «ጌታዬ፣ በረዶ ከየት እንደሚመጣ አልጠየቅሁም፤ ወዴት እንደተላከ ነው የጠየቅሁ» አለ።

«ማንም አልላከውም! ሰው በረዶን ሊልክም ሊመልስም አይችልም። እኒህ ሰው ምንም አላደረጉም።»

ይህን ሲሉ ደብተራውን እየረዷቸው መስሏቸው ነበር። እኔ ግን ከደብተራው ኋላ የቆሙትን የሰበካቸውን ገበሬዎች አየሁ። እርስ በርስ ተያዩ። «ታዲያ እስከ ዛሬ የሰፈርነው ለምኑ ነው?» አለ አንዱ፣ ለማንም ሳይሆን።

ዳኛው ነገሩ ሲቀልላቸው ታየኝ። «መሪጌታ፣ መምህሩ መውጫ ሰጥተውዎታል። በረዶ መመለስ አልችልም ብለው ይማሉና በሬዎን ይዘው ይሂዱ።»

ደብተራው ነጠላቸውን አስተካከሉ። መልሰው አስተካከሉ። «አልምልም» አሉ።

«እንግዲያ ይችላሉ?»

«እሱንም አልምልም።»

ሳቁ ከሁለቱም ሰበካ መጣ። እኔ መሳቅ አልቻልሁም። ቢምሉ በሬው ይቀርላቸዋል፤ በአውድማ ጊዜ ግን ማንም ቁና ይዞ ደጃቸው አይመጣም። ባይምሉ በሬው ይሄዳል። ይህን እዚያ የተቀመጠ ሁሉ ያውቃል።

ባለቤታቸው ከሴቶቹ መካከል ተነሡ። «ዳኛ፣ የእኔም ገብስ ማዶ ተመቷል። ባል በሚስቱ እርሻ ላይ በረዶ ይሰዳል?»

«ክረምቱን ሙሉ ተጣልታችሁ ከርማችሁ የለ!» አለ ከሳሹ። «እንዲያውም የመጀመሪያው ባንቺ እርሻ ላይ ነው የወረደ!»

ዳኛው ሳቁ እስኪበርድ ጠበቁ። ከዚያ ማክሰኞ ዕለት በደብተራው አጠገብ የቆመችው፣ የሁለቱም ወገን ዘመድ ያልሆነችው ሴት እንድትቀርብ ጠየቁ። ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ።

ክፍል ውስጥ ስሜ ካልተጠራ ተናግሬ የማላውቅ ሰው ነኝ። ስጠራም አብዛኛውን ጊዜ «አላውቅም» ብዬ እቀመጣለሁ፤ ባውቀውም። በቤተ ክርስቲያኑ በር ፊት አስማሉኝ።

«ልጄ፣ መሪጌታ እጃቸውን ሲያነሡ አይተሻል?»

«አይቻለሁ።»

«በረዶው ማዶ ሲወርድስ?»

«አይቻለሁ።»

«ይኸው!» አለ ከሳሹ።

«እጃቸው ሲነሣ አይቻለሁ። በረዶው ሲወርድም አይቻለሁ» አልሁ። «እጃቸው በረዶውን ሲወስደው ግን አላየሁም።»

«ድምፅሽን ከፍ አድርጊው።»

ደገምሁት።

«ታዲያ በመካከሉ ምን አለ?» አለኝ ከሳሹ። የጠየቀኝ በእልህ አይደለም፤ የእውነት ማወቅ ፈልጎ ነው።

«አላውቅም።»

«አንድ ጥያቄ ብቻ» አሉ ዳኛው። «ይችላሉ ወይስ አይችሉም?»

መምህሬ ወደ እኔ እያዩ ነበር። የሚጠብቁትን መልስ አውቀዋለሁ፤ ያስተማሩኝም እሳቸው ናቸው። አንድ ነገር ሌላውን ተከትሎ ስለመጣ ብቻ የፊተኛው የኋለኛውን አመጣው አይባልም። ነገር ግን ይህ ትምህርት የሚነግረኝ እጃቸው በረዶውን መውሰዱ አልተረጋገጠም የሚለውን ብቻ ነው። ከዚያ በላይ ያለውን የምናገረው ከማመን ተነሥቼ ነው፤ እኔም እንደ መምህሬ ነፋሱ ነው ብዬ አምን ነበር። ማክሰኞ ዕለት ደግሞ «እግዚአብሔር ይመስገን» ያልሁት ከልቤ ነው፤ እሱም ውሸት አልነበረም። አንድ ሰው ሁለቱን እንዴት እንደሚይዝ ማስረዳት አልቻልሁም። መሐላው ግን ስለማምነው ነገር አልነበረም።

«አላውቅም» አልሁ። «ያላየሁትን በመሐላ አልናገርም።»

ዳኛው ፈረዱ። «ምስክሯ ሁለት ነገር አይታለች፤ የሚያገናኛቸውን አላየችም። በዚህ ላይ ቆሜ የሰው በሬ አልወስድም።»

ከሳሹ አልጮኸም። የገብሱን እስር አንሥቶ «እሺ፣ በሬው ይቅር» አለ። «የእኔን ገብስ ግን ማን ይመልስልኝ?»

ከማዶ ሰዎች አንዱ «ለከርሞ ለእኛም ያንብቡልን እንጂ መሪጌታ!» ብሎ ጮኸ።

«ለሁለቱም ካነበቡ ወዴት ሊወርድ ነው?» አለ ሌላው።

«አለፈ ይባላል» አሉ ዳኛው፣ እየተነሡ።

ወደ ቤት ስንመለስ መምህሬ ከጎኔ ይሄዱ ነበር። «አንቺ መልሱን ታውቂያለሽ» አሉኝ። «ለምን አላውቅም አልሽ? ፈርተሽ ነው?»

«ጥቂቱ ፍርሃት ይሆናል።»

«ሌላውስ?»

ምን ልበላቸው? እስከዚያ ቀን ድረስ «አላውቅም» ለእኔ የምሸሽበት ቃል ነበር። የዚያን ዕለት ግን መሸሻው ሌላ ነበር፤ «አይችሉም» ብዬ ከተማረ ሰው ጎን መቆም ይቀልለኝ ነበር። ይህን በቃል ሳላዘጋጅ ቤት ደረስን። እሳቸውም ተስፋ ቆርጠው «የሆነው ሆኖ የሰውየው ቃል ፊልሙ ውስጥ ይገባል፤ የፊልሙ ልብ እሱ ነው» ብለው ወደ ጭቃ ሹሙ ቤት አመሩ።

ደብተራው በሬያቸውን አስረው ሲጨርሱ መጥተው መደቡ ላይ ተቀመጡ። አላመሰገኑኝም።

«ልጄ፣ እኔ ሳነብ አንዳንዴ ያልፋል፣ አንዳንዴ ይወርዳል። ሲያልፍ በአንቱ ነው ይሉኛል። ሲወርድ በኃጢአታችን ነው ይላሉ። ሁለቱንም የሚሉት እነሱ ናቸው። እኔ ማንበቤን ብቻ ነው የማውቀው።»

«ለዳኛው ይህንኑ ቢነግሯቸው ኖሮ?»

«ይህን ሰምቶ ማን ይሰፍርልኛል?» አሉና ትንሽ ሳቁ። ጥርስ የሌለው ጎናቸው ታየኝ። ከዚያ ሳቁ ከፊታቸው ጠፋ። «ያ ፊልም ታጥቦ ሲመጣ ንፋስ መውጫ ይታይ ይሆን?»

«ሊታይ ይችላል።»

«የማዶ ሰውም ለገበያ ሄዶ ያየዋል። ዛሬ የቀረልኝ በሬ ያን ቀን ይሄዳል። አንቺ የተናገርሽው እዚያ ውስጥ የለም። የእኔ ቃል ብቻውን ነው ያለው።»

ልክ ነበሩ። ዳኛው ካሜራው እንዳይከፈት አድርገዋል። የሐሙሱ ነገር ሁሉ በሰው ጆሮ ብቻ ቀርቷል፤ «ሰደድሁት» የሚለው ግን ባሕር ተሻግሮ ይመለሳል። ባለቤታቸው ከምድጃው አጠገብ ሆነው ሁለታችንንም እያዩ ነበር።

ዓርብ ጠዋት መምህሬና ካሜራ አንሺው ዕቃቸውን በቅሎ ላይ ሲጭኑ ደረስሁባቸው። መንገድ ላይ ያዘጋጀሁትን ንግግር ሁሉ ረስቼ «የእሳቸው ቃል የሚገባ ከሆነ የእኔም ይግባ» አልሁ።

መምህሬ የበቅሎዋን ልጓም እንደያዙ ቆሙ። «አንቺ? ካሜራ ፊት?»

«አዎ። ከሳቸው ቃል ቀጥሎ። ካልሆነ የሳቸውም ይውጣ።»

«ይህ እኮ የፊልሙን ድምዳሜ ያበላሸዋል።»

«ድምዳሜውን አይቻለሁ ብዬ አልምልም» አልሁ። እንዴት ከአፌ እንደወጣ አላውቅም። ካሜራ አንሺው አንገቱን አቀርቅሮ ሳቀ፤ ከዚያ መምህሬን ሳይጠይቅ የካሜራውን ሣጥን ከበቅሎዋ ላይ መፍታት ጀመረ። መምህሬ ጥቂት አይተውት ልጓሙን ለቀቁ።

«የት ትቆሚያለሽ?»

«ማዶ።»

ወንዙን ተሻገርን። ከሳሹ የተመታውን ገብስ ለከብት ሊያደርገው በማጭድ እያጨደ ነበር። እርሻው ላይ ቆሜ እንድናገር ይፈቅድልኝ እንደሆነ ጠየቅሁት።

«ቁሚ» አለኝ፣ ቀና ሳይል። «ከዚህ በላይ አይረገጥም።»

ቆምሁ። ማክሰኞ ያየሁትን፣ ያላየሁትንም፣ በዳኛው ፊት እንዳልሁት አድርጌ ተናገርሁ። ካሜራ አንሺው ነፋስ ገብቶበታል፣ ድገሚው አለኝ። ከሳሹ ማጭዱን ትከሻው ላይ ሰቅሎ ሲያዳምጥ ቆይቶ ኖሮ ወደ እኔ መጣ።

«ገብሱስ? ገብሱ አይነገርለትም?»

እውነቱን ነው። ጎንበስ ብዬ አንድ ዛላ አንሥቼ በጣቴ አሸሁት፤ ውሃ ብቻ ነበር። እንደገና ስናገር ከሁሉ አስቀድሜ «የዚህ ሰው ገብስ ተመቷል፤ ይህን በእጄ ነክቼ አውቃለሁ» አልሁ፤ ከዚያ የቀረውን አስከተልሁ። ሲያበቃ መምህሬ በቅሎዋን ይዘው ቀደሙ። እኔ ነጠላዬን አደግድጌ፣ ከሰውየው ኋላ እየሄድሁ የታጨደውን ሰበሰብሁ።